60 ሳንቲ ሜትሩ የጀርመን ሞርታር «ካርል»፦ ስለ አሠራሩ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ካርል በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘመን ጀርመን ምሽግ ለመስበር የሠራችው፣ በራሱ ሞተር የሚንቀሳቀስ እጅግ ከባድ ሞርታር ነው። ፎቶግራፉን የሚያይ ሰው ዓይኑ መጀመሪያ የሚያርፈው በአፈሙዙ ስፋት ላይ ስለሆነ ብዙውን ጊዜ የሚጠይቀው ምን ያህል እንደሚያፈርስ ነው። መሐንዲሶቹን ያስጨነቃቸው ግን ሌላ ጉዳይ ነበር፤ ከሁለት ቶን በላይ የሚመዝን ቅንቡላ የሚወረውር መሣሪያ ወደ ተኩሱ ቦታ እንዴት ይደርሳል፣ ከተኮሰ በኋላስ ራሱን ሳይሰባብር እንዴት ይቆማል? ከዚህ በታች ያሉት መልሶች አብዛኛውን ጊዜ በዚሁ ጉዳይ ዙሪያ ያተኩራሉ። የተጠቀሱት ዓመታት፣ ወራትና ቀናት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ካርል የተሠራው ለምን ዓላማ ነው?

ፈረንሳይ ከጀርመን ጋር በምትዋሰንበት ድንበር ላይ የገነባችው የማዥኖ መስመር በወፍራም አርማታ የተሠሩ፣ አብዛኛው ክፍላቸው ከመሬት በታች የሆነ ምሽጎች ሰንሰለት ነበር። እንዲህ ያለውን ምሽግ ተራ የሜዳ መድፍ ከመቧጨር በቀር የሚያደርገው ነገር አልነበረም። ስለዚህ የጀርመኑ የጦር መሣሪያ አምራች ራይንሜታል በ1936 ይህን አርማታ ከላይ ወደ ታች ሊበሳ የሚችል ከባድ ሞርታር ለመሥራት ሐሳብ አቀረበ።

ሐሳቡ ባዶ ምኞት አልነበረም፤ ጀርመኖች ከዚያ ቀደም የሠራላቸው ምሳሌ ነበራቸው። በነሐሴ ወር 1914 የክሩፕ ፋብሪካ የሠራቸው 42 ሳንቲ ሜትር ሞርታሮች፣ በኋላ «ወፍራሟ ቤርታ» እየተባሉ የተጠሩት፣ የቤልጂየሟን የሊዬዥ ከተማ ምሽጎች በጥቂት ቀናት ውስጥ አንበርክከዋል። የሎንሳ ምሽግ በአንዱ ቅንቡላ የጥይት ግምጃ ቤቱ ተመትቶ ከነወታደሮቹ ሲፈነዳ የዓለም ጦር ሠራዊቶች በሙሉ ትምህርት ወስደዋል። ፈረንሳዮች የተማሩት አርማታውን ማወፈር ነበር፤ ጀርመኖች ደግሞ ቅንቡላውን ማክበድ።

የሚገርመው፣ የመጀመሪያዎቹ ካርሎች ለጦሩ የተሰጡት በኅዳር 1940 ሲሆን ፈረንሳይ እጇን የሰጠችው ከዚያ አምስት ወር ቀደም ብሎ ነው። የጀርመን ጦርም የማዥኖን መስመር በሰሜን በኩል ዞሮት ስላለፈ፣ ሞርታሩ የታቀደለትን ምሽግ አንድም ቀን ሳይተኩስበት ቀርቷል።

ስሙስ ከየት መጣ?

በፕሮጀክቱ ሥራ ላይ ከፍተኛ ድርሻ ከነበራቸው የመድፈኛ ጄኔራል ከካርል ቤከር የመጀመሪያ ስም ነው። ቤከር በሚያዝያ 1940 የገዛ ሕይወታቸውን ስላጠፉ መሣሪያው ጦር ሜዳ ሲገባ አላዩትም። በድምሩ ሰባት ካርሎች ተሠርተዋል። ለውጊያ የተሰለፉት ስድስቱ አዳም፣ ኤቫ፣ ቶር፣ ኦዲን፣ ሎኪ እና ትሲዩ የሚል የየራሳቸው ስም ሲኖራቸው፣ ሰባተኛው ለሙከራ ብቻ ያገለግል ነበር። የመጀመሪያዎቹ ሁለት ስሞች ከኦሪት ዘፍጥረት፣ የቀሩት አራቱ ከጥንት ጀርመናውያን አማልክት የተወሰዱ ናቸው።

እንዲህ ያለ ግዙፍ መሣሪያ እንዴት «ሞርታር» ይባላል?

በእኛ አገር ሞርታር ሲባል ብዙ ሰው የሚታየው ሁለት ሦስት ወታደሮች ተሸክመውት የሚሄዱት፣ ቅንቡላው ከላይ ወደ ታች የሚጨመርበት ቱቦ ነው። በጀርመን ጦር ግን ይህ ትንሹ መሣሪያ ቦምብ ወርዋሪ የሚል ትርጉም ያለው ሌላ ስም ነበረው፤ «ሞርታር» የሚለውን ስም የሚይዙት ቅንቡላቸውን ወደ ሰማይ አጉነው ከላይ የሚያወርዱ፣ አጭር አፈሙዝ ያላቸው ከባድ የምሽግ መድፎች ነበሩ። ካርል ከኋላው የሚጎረስ፣ መዝጊያ ያለው፣ ባሩዱም በቀለህ የሚገባ በመሆኑ በአሠራሩ ከመድፍ ወገን ነው። ሞርታር የሚያሰኘው የአፈሙዙ ማጠርና የተኩሱ አቅጣጫ ነው፤ አፈሙዙ ለመተኮስ የሚነሣው ከ55 እስከ 70 ዲግሪ ባለው መካከል ብቻ ነው።

በነገራችን ላይ፣ በዚያው ጦርነት ጀርመኖች የማረኩትን የሶቪየት 120 ሚሊ ሜትር ሞርታር አስመስለው 12 ሳንቲ ሜትር ሞርታር ሠርተዋል። ይህ ወታደሮች በመኪና ጎትተው በደቂቃዎች ውስጥ የሚተክሉት መሣሪያ 16 ኪሎ ግራም ገደማ የሚመዝን ቅንቡላ እስከ 6 ኪሎ ሜትር ይወረውር ነበር። የካርል ከባዱ ቅንቡላ የሚደርሰው ግን 4 ኪሎ ሜትር ከ320 ሜትር ድረስ ብቻ ነው። ርቀት የካርል ዓላማ አልነበረም።

ቅንቡላው ለምን ያን ያህል ከበደ? አፈሙዙስ ለምን አጠረ?

አርማታ የሚበሳው በፍጥነት ወይም በክብደት ነው። ፍጥነት የሚሹ መድፎች ረጅም አፈሙዝና ብዙ ባሩድ ያስፈልጋቸዋል፤ የሚተኩሱትም በአብዛኛው ዝቅ ባለ መስመር ስለሆነ የምሽጉን ግድግዳ እንጂ ጣሪያውን አያገኙም። ካርል የክብደትን መንገድ መረጠ። ከባዱ ቅንቡላ 2,170 ኪሎ ግራም ይመዝን የነበረ ሲሆን ከአፈሙዙ የሚወጣው በሰከንድ 220 ሜትር ፍጥነት ነው። ይህም ከድምፅ ፍጥነት ያነሰ ነው። 55 ዲግሪ ላይ የተተኮሰ ቅንቡላ ከአንድ ተኩል ኪሎ ሜትር በላይ ወደ ሰማይ ወጥቶ መሬት የሚመታው ከግማሽ ደቂቃ በላይ ቆይቶ ስለሆነ፣ ምሽጉ ውስጥ ያሉት ሰዎች የተኩሱን ድምፅ ቅንቡላው ሳይደርስ አስቀድመው ይሰሙት እንደነበር ከሒሳቡ መረዳት ይቻላል። አየር ላይ ሳለም በዓይን ይታይ ነበር።

ለዚህ ፍጥነት ረጅም አፈሙዝ አያስፈልግም። የካርል አፈሙዝ 5 ሜትር ከ7 ሳንቲ ሜትር ገደማ ነው፤ ከስፋቱ ጋር ሲነጻጸር ከስምንት እጥፍ ተኩል አይዘልም። የቅንቡላው አፍንጫ ወፍራም ጠንካራ ብረት ሲሆን ፊውዙ፣ ማለትም ፈንጂውን የሚያፈነዳው መቀስቀሻ፣ የተገጠመው በታችኛው ጫፍ ነው። ስለዚህ ጣሪያውን ሲነካ ወዲያው ከመፈንዳት ይልቅ አርማታውን በስቶ ከገባ በኋላ ውስጥ እንዲፈነዳ የታሰበ ነው። ከሁለት ሜትር ተኩል በላይ ውፍረት ያለው አርማታ ይበሳ ነበር። ከዚሁ ጎን 1,700 ኪሎ ግራም የሚመዝን «ቀላል» ቅንቡላ የነበረው ሲሆን ይህኛው ከ6 ኪሎ ሜትር በላይ ይሄዳል። ቀላል የተባለው ከታላቅ ወንድሙ ጋር ተነጻጽሮ መሆኑ ግልጽ ነው።

ሲተኩስ ርግጫውን እንዴት ይችለው ነበር?

የካርል ንድፍ ብልሃት ያለው እዚህ ላይ ነው፤ ስለዚህ ጥቂት ሒሳብ መሥራት ተገቢ ይመስለኛል። 2,170 ኪሎ ግራም በሰከንድ 220 ሜትር ወደ ፊት ሲወረወር መሣሪያው ያንኑ ያህል ግፊት ወደ ኋላ ይቀበላል። 124 ቶን የሚመዝነው ካርል ፍሬንም ሆነ የርግጫ ማብረጃ ሳይኖረው ለስላሳ በረዶ ላይ ቆሞ ቢተኩስ በሰዓት 14 ኪሎ ሜትር ገደማ ፍጥነት ወደ ኋላ ይንሸራተት ነበር። በራሱ ሞተር የሚሄድበት ከፍተኛ ፍጥነት ግን በሰዓት 10 ኪሎ ሜትር አካባቢ ነው። በሌላ አነጋገር አንድ ተኩስ ከሞተሩ የበለጠ ይነዳዋል ማለት ነው።

ይህን ግፊት አንድ ማብረጃ ብቻውን እንዲችለው ቢደረግ ኖሮ የአፈሙዙ የኋላ ጉዞ በጣም ስለሚረዝም መዝጊያው ከሻንሲው ወለል ጋር ይጋጭ ነበር፤ አፈሙዙ ወደ ሰማይ ባቀና ቁጥር የኋላ ጫፉ ወደ መሬት እንደሚወርድ ልብ ይሏል። መሐንዲሶቹ ርግጫውን ለሁለት ከፈሉት። በመጀመሪያ አፈሙዙ ባቀፈው አልጋ ውስጥ ወደ ኋላ ይንሸራተታል። በዚያው ጊዜ አልጋውን የተሸከመው ሠረገላ በበኩሉ በሻንሲው ላይ በተዘረጋ ሐዲድ ወደ ኋላ ይሄዳል። ሁለቱም የየራሳቸው ማብረጃና ወደ ቦታቸው የሚመልሳቸው መሣሪያ ነበራቸው። ግፊቱ በረዘመ ጊዜና ርቀት ስለሚበተን ሻንሲው የሚደርስበት ምት ይቀንሳል።

ያም ሆኖ የተረፈው ምት መንኮራኩሮቹንና እነሱን የተሸከሙትን ተጠምዛዥ ዘንጎች ለመስበር በቂ ነበር። ለዚህ የተገኘው መፍትሔ ቀላልና ያማረ ነው፤ ካርል ከመተኮሱ በፊት ይቀመጣል። ዘንጎቹ የታሰሩበት ጫፍ በሞተሩ ኃይል እንዲዞር ተደርጎ ስለተሠራ ዘንጎቹ ሲላሉ የሻንሲው ሆድ ወርዶ መሬት ላይ ያርፋል። ተኩሱ ሲያበቃ ዘንጎቹ ተመልሰው ይጠመዘዛሉ፤ ካርልም ጭነት ተጭኖለት እንደሚነሣ ግመል ከተንበረከከበት ቀስ ብሎ ብድግ ይላል።

በሰንሰለቱ እየሄደ ጦር ሜዳ ይደርስ ነበር?

አይደርስም። በ1936 የቀረበው የመጀመሪያ ሐሳብ ሞርታሩ ተፈታትቶ በልዩ ልዩ ተሽከርካሪዎች እንዲጓጓዝና ቦታው ላይ እንዲገጣጠም ነበር። መግጠሙ ብዙ ሰዓት እንደሚፈጅና የጠላት መድፍ በሚደርስበት ርቀት ውስጥ ይህን ሁሉ ሰዓት መሥራት እንደማይቻል ሲታወቅ በ1937 ሐሳቡ ተለውጦ በራሱ የሚሄድ ባለሰንሰለት ሻንሲ ተመረጠለት። ሞተሩ የዳይምለር ቤንዝ ባለ 12 ሲሊንደር ሲሆን 580 የፈረስ ጉልበት ገደማ ነበረው፤ ለ124 ቶን ይህ ሞተር ጥቂት ነው። ስለዚህ የሰንሰለቱ ጥቅም ከባቡር ጣቢያ ወይም ከመገጣጠሚያው ቦታ እስከ መተኮሻው ድረስ ያለውን አጭር መንገድ መሸፈን ብቻ ነበር።

ረጅሙ ጉዞ በባቡር ነው። ለዚህም ሻንሲው በሁለት ልዩ ፉርጎዎች መካከል በአየር ላይ ተንጠልጥሎ ይጓዛል፤ ማለትም ካርል ራሱ ሁለቱን ፉርጎዎች የሚያገናኝ ድልድይ ይሆናል። ሐዲድ በሌለበት ቦታ ደግሞ አፈሙዙ፣ ሠረገላውና ሻንሲው ተለያይተው በብዙ ጎማ ተሳቢዎች ይጫናሉ፤ ለመፍታትና ለመግጠም 35 ቶን የሚያነሳ ክሬን ያስፈልግ ነበር።

አንድ ጊዜ ለመተኮስ ምን ምን ይደረግ ነበር?

ቅንቡላው በእጅ ስለማይነሳ ለእያንዳንዱ ካርል የራሱ ጥይት ተሸካሚዎች ተመድበውለት ነበር። እነዚህ ከፓንሰር 4 ታንክ ላይ መድፉን የተሸከመው ተሽከርካሪ ጉልላት (ቱሪሱ) ተነሥቶ በምትኩ ክሬንና የቅንቡላ መደርደሪያ የተገጠመላቸው ተሽከርካሪዎች ሲሆኑ አንዱ አራት ቅንቡላ ይይዛል። ተሸካሚው ከካርል ጎን ቆሞ በክሬኑ ቅንቡላውን በመጉረሻው ሳህን ላይ ያኖራል፤ ከዚያ ወደ ውስጥ ይገፋል፤ ቀለሁ ይከተላል፤ መዝጊያው ይዘጋል። ይህ ሁሉ የሚሆነው አፈሙዙ ተጋድሞ ሳለ ነው። ስለዚህ ከእያንዳንዱ ተኩስ በኋላ ከ55 ዲግሪ በላይ ተነሥቶ የነበረው አፈሙዝ እንደገና ወርዶ፣ ጎርሶ፣ ተመልሶ መነሣት ነበረበት። አንድ ዙር አሥር ደቂቃ ገደማ ይፈጅ ነበር።

ማነጣጠሩም ራሱን የቻለ ሥራ ነው። አፈሙዙ ወደ ግራና ወደ ቀኝ የሚዞረው ጥቂት ዲግሪ ብቻ በመሆኑ ሻንሲው ራሱ ከመነሻው ወደ ዒላማው አቅጣጫ መቆም አለበት፤ መሬቱም አስቀድሞ ተስተካክሎ መደላደል ነበረበት። የመድፉ ምድብተኞች ሃያ ያህል ቢሆኑም፣ ከኋላቸው የክሬን፣ የባቡር፣ የቅየሳና የጥበቃ ሠራተኞች ብዛት ሲታሰብ አንድ ካርል የሚበላው የሰው ኃይል ቀላል አልነበረም።

የ54 ሳንቲ ሜትሩ ካርል ሌላ መሣሪያ ነው?

ሻንሲው ያው ነው፤ የሚለየው አፈሙዙ ነው። ተኳሾቹ ከምሽጉ በ4 ኪሎ ሜትር ርቀት ላይ መቆማቸው ለጠላት መድፍ ያጋለጣቸው ስለነበር ቀጭንና ረጅም አፈሙዝ ተሠራለት። ቅንቡላው ወደ 1,250 ኪሎ ግራም ወርዶ ርቀቱ 10 ኪሎ ሜትር ገደማ ደረሰ። ለውጡ ምክንያታዊ ነው፤ ይሁን እንጂ የመጀመሪያው ንድፍ ምን ያህል ርቀትን መሥዋዕት አድርጎ እንደነበር ሳይወድ ይመሰክራል።

ከ«ዶራ» ጋር ይመሳሰላል?

ብዙ ጊዜ ይምታታሉ። ዶራ ክሩፕ የሠራው፣ በሐዲድ ላይ ብቻ የሚሄድ፣ ስፋቱ 80 ሳንቲ ሜትር፣ ክብደቱም 1,350 ቶን የሆነ ረጅም መድፍ ነው። ለመትከል ሳምንታት ይፈጅ፣ ልዩ መንታ ሐዲድም ይዘረጋለት ነበር። ከዶራ አጠገብ ሲታይ ካርል ልከኛ መሣሪያ ይመስላል፤ ቢያንስ ቢያንስ ቦታውን በራሱ ሞተር ይለውጣል።

የት የት ተተኮሰ? ንድፉስ የታሰበለትን ሠራ?

በሰኔ 1941 ጀርመን ሶቪየት ኅብረትን ስትወር ሁለት ካርሎች በቡግ ወንዝ ዳር ባለው የብሬስት ምሽግ ላይ ተኩሰዋል። ምሽጉ ከአሥራ ዘጠነኛው ክፍለ ዘመን የቀረ፣ በአብዛኛው በጡብ የተገነባ ሲሆን ተከላካዮቹ ካርል ከተተኮሰባቸው በኋላም ለቀናት ተዋግተዋል። መሣሪያውም ገና ልጅ በመሆኑ ብልሽት አልተለየውም።

ንድፉ ለተወለደለት ሥራ የቀረበው በሰኔ 1942 በክራይሚያዋ በሴቫስቶፖል ከተማ ነው። እዚያ በአርማታ የተቀበሩ፣ 305 ሚሊ ሜትር መድፍ የታጠቁ የባሕር ዳርቻ ምሽጎች ነበሩ። ካርሎቹ ከመቶ በላይ ቅንቡላ ተኩሰው ጀርመኖች «ማክሲም ጎርኪ 1» ያሉትን የ30ኛውን ባትሪ (የመድፍ ምድብ) ካስጎዱት መሣሪያዎች መካከል ነበሩ። ከተማይቱ ግን የወደቀችው በእነሱ ብቻ ሳይሆን በአውሮፕላን ድብደባ፣ በመቶዎች በሚቆጠሩ ሌሎች መድፎችና እጅግ ብዙ ደም ባፈሰሰ የእግረኛ ውጊያ ነው።

ከሁሉ የሚያሳዝነው የዋርሶው ታሪክ ነው። በነሐሴ 1944 የከተማይቱ ሕዝብ በናዚ ወራሪዎች ላይ ሲነሣ ትሲዩ ወደዚያ ተላከ፤ ከቮላ ሰፈር ካለ መናፈሻ ሆኖም በመኖሪያ ቤቶች ላይ ተኮሰ። አርማታ እንዲበሳ የተሠራ ቅንቡላ የጡብ ቤት ሲያገኝ ፎቆቹን አንድ በአንድ ሰንጥቆ ምድር ቤት ይደርሳል፤ ሰላማዊ ሰዎች የተጠለሉትም እዚያው ምድር ቤት ነበር። ነሐሴ 28 ቀን የከተማይቱን ረጅሙን ሕንፃ ፕሩደንሻልን ሲመታ ሲልቬስተር ብራውን ያነሣው ፎቶግራፍ እስከ ዛሬ ይታያል፤ የብረት አጽሙ ግን አልወደቀም። አንዳንዱ ቅንቡላ ደግሞ ፊውዙን የሚያነቃ ጠንካራ ነገር ሳያገኝ ሳይፈነዳ ቀርቷል። አዲሪያ በተባለው የታወቀ ምግብ ቤት ሕንፃ ላይ የወደቀው ከእነዚህ አንዱ ሲሆን አማፅያኑ ፈትተው ፈንጂውን ለእጅ ቦምብ ተጠቅመውበታል።

የእኔን አስተያየት ለሚጠይቅ፣ እንደ ምሕንድስና ሥራ ካርል የተሰጠውን ጥያቄ በሚገባ መልሷል፤ ጥያቄው ግን መሣሪያው ሳይጠናቀቅ ጊዜው አልፎበት ነበር። አንድ አውሮፕላን ከባድ ቦምብ ይዞ በመቶ ኪሎ ሜትሮች ርቆ መሄድ በሚችልበት ዘመን፣ ያንን የሚያህል ቅንቡላ 4 ኪሎ ሜትር ለመወርወር 124 ቶን ብረት፣ ልዩ ባቡርና ክሬን ማንቀሳቀስ አዋጭ አልነበረም።

የዐፄ ቴዎድሮስ «ሴባስቶፖል» ከዚህ ጋር ግንኙነት አለው?

የስም ዝምድና አለው። ዐፄ ቴዎድሮስ ጋፋት ላይ በአውሮፓውያን ሠራተኞች ያስቀለጡት ትልቁ ሞርታር የተሰየመው በዚያችው በክራይሚያዋ ከተማ ነው፤ ከተማይቱ በ1854 እና በ1855 በእንግሊዝና በፈረንሳይ ጦር ተከብባ ስሟ በዓለም ናኝቶ ነበር። ካርሎቹ ከዚያ ከ87 ዓመት በኋላ በአንዲቱ ከተማ ላይ ተኮሱ። የንድፍ ዝምድና ግን የለም፤ የመጓጓዣው ጭንቅ ብቻ ይመሳሰላል። ሰባት ቶን ገደማ የሚመዝነውን ሴባስቶፖልን ከደብረ ታቦር መቅደላ ለማድረስ ንጉሡ በየገደሉ መንገድ ማስጠረግ ነበረባቸው፤ ጉዞውም ወራት ፈጅቶ የተጠናቀቀው በ1868 መጀመሪያ፣ የእንግሊዝ ጦር ሊደርስ ሲል ነው።

ዛሬ የተረፈ ካርል አለ?

አንድ አለ። በጦርነቱ ማብቂያ ላይ አሜሪካኖች የማረኳቸው ወደ ቁርጥራጭ ብረትነት ሲቀየሩ፣ ሶቪየቶች የማረኩት ሞስኮ አጠገብ በሚገኘው የኩቢንካ የታንክ ሙዚየም ተቀመጠ። በጎኑ ላይ ለረጅም ጊዜ «አዳም» የሚል ጽሑፍ ይታይ ነበር፤ ቀለሙ ሲታደስ በተገኘው ምልክት መሠረት ግን ዋርሶ ላይ የተኮሰው ትሲዩ መሆኑ ተገልጿል።